ያልተሟሸ ማሰሮ

በሰሜን ናይጄሪያ ከፊል በረሃማ ምድር፣ መብራት በማይደርስባቸው መንደሮች የሚኖር ገበሬ ያመረተውን አትክልት ማቆያ ስላልነበረው፣ ሳይበላሽበት በተገኘው ዋጋ ለመሸጥ ይገደድ ነበር፤ እየዞሩ የሚሸጡት ደግሞ በአብዛኛው ልጃገረዶች በመሆናቸው፣ የአትክልቱ ቶሎ መበስበስ እነርሱንም ከትምህርት ገበታ ያርቃቸው ነበር። በጂጋዋ ግዛት መምህር የነበረው መሐመድ ባህ አባ ለዚህ ችግር እ.ኤ.አ. በ1995 ያቀረበው መፍትሔ ሁለት ማሰሮ፣ ጥቂት አሸዋና ውሃ ብቻ የሚጠይቅ ነበር።

አነስተኛው ማሰሮ በትልቁ ውስጥ ይቀመጣል፤ በመካከላቸው ያለው ክፍተት በእርጥብ አሸዋ ይሞላና አፉ በረጠበ ጨርቅ ይሸፈናል። አሸዋው የያዘው ውሃ በውጭኛው ማሰሮ ጥቃቅን ቀዳዳዎች በኩል ወደ ደረቁ አየር ሲተን፣ ማለትም ወደ እንፋሎት ሲለወጥ፣ ለለውጡ የሚያስፈልገውን ሙቀት ከውስጥ ስለሚወስድ የውስጠኛው ማሰሮ ይቀዘቅዛል። በቆላ አገር ላቡን ያወጣ እንስራ ውሃ የሚያቀዘቅዘውም በዚሁ ሕግ ነው። ለምግብ ማብሰያ የሚሆን ሸክላ ቀዳዳው እንዲደፈን አስቀድሞ ይሟሻል፤ ለዚህ አገልግሎት ግን የሚፈለገው ያልተሟሸው፣ በባለሙያ እናት ዓይን ገና ያላለቀው ሸክላ ነው።

በሦስት ቀን የሚበላሸው ደበርጃን በማሰሮው ውስጥ 27 ቀን፣ ከአንድ ቀን የማያልፈው ቆስጣ ደግሞ 12 ቀን ያህል ቆይቷል።

በሸክላ ውሃ ማቀዝቀዝ በጥንታዊት ግብፅም የታወቀ በመሆኑ፣ የአባ ፈጠራ ከዕቃው ይልቅ ዕቃውን ከሰው ጋር ባገናኘበት መንገድ መፈለግ አለበት። የሸክላ ሠሪ ቤተሰብ ልጅ የነበረው ይህ ሰው፣ ፕላስቲክና አሉሚኒየም ከገበያ ያስወጧቸውን የአካባቢውን ሸክላ ሠሪዎች ቀጥሮ ያሠራቸውን የመጀመሪያዎቹን 5,000 ማሰሮዎች በራሱ ወጪ በነፃ አደለ፤ ማንበብ ለማይችለው ሕዝብም ጥቅማቸውን በአገሬው ተዋንያን በተሠራና በቪዲዮ በተቀረጸ ድራማ አስረዳ። እ.ኤ.አ. በ2000 የተሰጠው የሮሌክስ ሽልማት ሥራውን እንዲያሰፋ ረዳው። ሸክላ ሠሪን «ቡዳ» እያለ ሲያገል ለኖረው የኢትዮጵያ ኅብረተሰብ፣ ዕውቀቱ የተገኘው ከዚያው ሙያ መሆኑ ሳያስተክዝ የሚያልፍ አይደለም።

አባ እ.ኤ.አ. በ2010 አርፏል። ማሰሮው ጠቃሚ ቢሆንም ከተፈጥሮ ሕግ የማያመልጥ ገደብ አለው። አየሩ ራሱ እርጥብ በሆነበት አገር ትነቱ ስለሚዳከም ቅዝቃዜው አነስተኛ ነው፤ ተስማሚ የሚሆነው አየሩ ደረቅና ሞቃት፣ ጥላና ነፋስም በሚገኝበት ስፍራ ነው። አሸዋውም እንዳይደርቅ በየቀኑ ውሃ ይፈልጋል፤ ደረቁ አየር ባለበት አገር ደግሞ ያን ውሃ ከሩቅ ምንጭ ቀድታ የምታመጣው ብዙውን ጊዜ ያችው አትክልቷን እንዳይበላሽባት የምትጥረው ሴት ናት።