ሙይሪቱ የምትል ቃል

“እናንተ ዘንድ ማርያም ተገርዛለች?” አሉኝ ሾሾ።

በረንዳው ላይ ቁጭ ብለን ንጃሂ የሚሉትን ጥቁር ባቄላቸውን እየለቀምን ነበር። እጄ ሰፌዱ ላይ ደርቆ ቀረ። ጎጃም ተወልጄ፣ በማርያም ስም ሲማልና ሲለመን እየሰማሁ አድጌ፣ በፍልሰታ ከእናቴ ጋር ቤተ ክርስቲያን እየተመላለስኩ ኖሬ፣ እንዲህ ያለ ጥያቄ በሕልሜም መጥቶብኝ አያውቅም። “ምን ማለትዎ ነው?” አልኳቸው። ሳቁ። “በእኛ መጽሐፍ ቅዱስ ተገርዛለች” አሉ።

ሾሾ ማለት በናይሮቢዎች አፍ አያት ማለት ነው። እኚህ ሾሾ አከራዬ ናቸው። ከናይሮቢ በስተ ምዕራብ 20 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በምትገኘው፣ ስሟም እንደ አካባቢው ሕዝብ ኪኩዩ በሆነው ከተማ፣ ከግቢያቸው ጓሮ ያለችውን ሁለት ክፍል ቤት ተከራይቼ እኖራለሁ። እንጀራዬ ማስተርጎም ነው። የአገሬ ልጆች የስደተኛ ቢሮ፣ ክሊኒክ ወይም ፖሊስ ጣቢያ ሲገቡ አብሬ እገባለሁ፤ አማርኛውን ወደ ስዋሂሊ፣ ስዋሂሊውን ወደ አማርኛ ሳገላብጥ እውላለሁ። አቻ ያጣ ቃል ሲያንከራትተኝ መዋል የለመድኩ ነኝና የሾሾ ጥያቄ እንቅልፍ ነሳኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ድሮ በኪኩዩ ቋንቋ ያልተገረዘች ልጅ “ኪሪጉ” ትባል ነበር። ለደረሰች ሴት ሲባል ከባድ ስድብ ነው። ተገርዛ፣ ሥርዓቱን ፈጽማ፣ ገና ያላገባችው ደግሞ “ሙይሪቱ” ነበረች። ነጭ ሚስዮናውያን ወንጌልን ወደ ኪኩዩ ሲተረጉሙ “ድንግል” ከሚለው ቦታ ደረሱ። ኪሪጉ ብለው ቢጽፉ የጌታን እናት መስደብ ሆነ። ሙይሪቱ ብለው ጻፉ። አልፈርድባቸውም፤ እኔም በቦታቸው ብሆን ያንኑ ነበር የምጽፈው። አዲስ ኪዳን በኪኩዩ ቋንቋ በ1926 ታተመ (ዘመኑን ሁሉ የማወራው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው)። ሦስት ዓመት ቆይተው እነዚያው ሚስዮናውያን የሴት ልጅ ግርዛትን ያላወገዘ ከማኅበራችን ይውጣ ሲሉ፣ ምእመናኑ የሉቃስን ወንጌል ገልጠው ሙይሪቱ የምትለውን ቃል አሳዩአቸው።

የስኮትላንድ ሚስዮን ወደዚህ አካባቢ የመጣው በ1898 ነው። ጣቢያው ያረፈበት ሰፈር ዛሬ ቶጎቶ ይባላል፤ ከእኛ ቤት በእግር ይደረሳል። ለብዙ ጊዜ ጥንታዊ የኪኩዩ ስም ይመስለኝ ነበር። ለካ “ስኮት” የሚለው ነው፣ በኪኩዩ አፍ ታሽቶ ታሽቶ ቶጎቶ የሆነው። በማግስቱ ዓመት የባቡሩ ሐዲድ ናይሮቢ ደረሰ፤ ተከትሎም ነጭ ሰፋሪ መጣ፤ ከተማችን ያለችበት የኪያምቡ ለም መሬት ቡና ተተከለበትና ባለቤቱ በገዛ አያቱ መሬት ላይ የቀን ሠራተኛ ሆነ። ኪኩዩዎች በካህንና በነጭ መካከል ልዩነት የለም የሚል ተረት አላቸው። የወጣው ከዚህ ነው።

ሚስዮናውያኑ ያገኙት ሕዝብ ግን አምላክ አልባ አልነበረም። ንጋይ የሚሉት አንድ ፈጣሪ ነበራቸው። ማረፊያው ፈረንጆች የኬንያ ተራራ የሚሉት፣ እነሱ ኪሪኛጋ የሚሉት፣ ጫፉ በረዶ የለበሰው ተራራ ነው። ቤተ መቅደስ አልሠሩለትም። ሽማግሌዎች ሙጉሞ ከሚባል ዛፍ ሥር ቆመው፣ ፊታቸውን ወደ ተራራው አዙረው፣ እጃቸውን ዘርግተው ይለምኑታል፤ ዝናብ ሲጠፋ በግ ይሠዉለታል። አንዱ ሲለምን ሌላው “ታይ” ይላል፤ ሰላም ማለት ነው። ሙጉሞ የእኛ ዋርካ ዘመድ ነው። ጎጃም የሴት አያቴ መንደር የነበረውን የአድባር ዋርካ ለሚያውቅ፣ ቅቤ የተቀባ ግንዱን ላየ፣ ከሥሩ ቡና ተፈልቶ ንፍሮ ሲበላ ለደረሰ፣ የሙጉሞ ነገር ብዙ ማብራሪያ አያሻውም። አያቴ በበነጋው ማርያምን ልትሳለም ትሄድ ነበር። ማንም አስፈርሞ አልጠየቃትም።

ተርጓሚዎቹ ለእግዚአብሔር ስም ሲፈልጉ ንጋይ የሚለውን እንዳለ ወሰዱት። ከዚያ ደግሞ ለሰይጣን ስም ፈለጉ። ኪኩዩዎች የሞቱ ዘመዶቻቸውን መናፍስት “ንጎማ” ይላሉ፤ ጠላ ቢጤ ሲጠጡ ለእነሱም ጥቂት መሬት ላይ ያፈሱላቸዋል። ሚስዮኑ ይህን ቃል ለአጋንንት ሰጠው። ይህንን ሳውቅ እንደ ሙያ ባልደረባ አፈርኩ። የሙይሪቱ ነገር ቃል ከማጣት የመጣ ነው፤ ይኸኛው ግን ተመርጦ የተደረገ ነው። ሰውየው አምላኩን ይዞ ይገባል፣ የገዛ አያቱን ግን ሰይጣን ብሎ በር ላይ ጥሎ ይገባል።

ብዙዎቹ ግን ገቡ። የገቡት “አቶሚ” ተባሉ፤ አንባቢዎች ማለት ነው። ቃሉን ስሰማ የቆሎ ተማሪዎቻችን ትዝ አሉኝ። ለወጣቱ ክርስትና ማለት ፊደል፣ ፊደል ማለት ሥራና የነጩን ወረቀት አንብቦ ምን እንደተባለ ማወቅ ነበር። ከቶጎቶ ልጆች አንዱ በ1914 ጆንስተን ተብሎ ተጠመቀ፤ በኋላ ኬንያን መርቷል፤ ዓለም ያወቀውም ጆሞ ኬንያታ ብሎ ነው። አቶሚው ታዲያ ያልታዘዘውንም ምዕራፍ አነበበ። አብርሃም ተገርዟል፤ ያዕቆብ ሁለት እኅትማማቾች አግብቷል፤ ዳዊት ስንት ሚስት እንደነበረው ቆጥሮ መጨረስ ያስቸግራል። ሚስዮናዊው ሁለተኛ ሚስት ያገባውን አላስቆርብም ሲል፣ ምእመኑ ይህ ከየትኛው ምዕራፍ ነው፣ ወይስ የስኮትላንድ ባሕል ነው ብሎ ይጠይቅ ጀመር። በእኔ ግምት ታሪኩ የተገለበጠው እዚህ ላይ ነው። መጽሐፉን ሰጥተዋቸዋል፤ አነባበቡን ግን አብረው መስጠት አልቻሉም።

1929 መጣ። የቶጎቶ ጣቢያ መሪ ጆን አርተር ሐኪም ነበር። የተገረዙ ሴቶች በምጥ ሲሰቃዩ አይቷል፤ ባልደረቦቹም አይተዋል። ስለ አካሉ የተናገሩት ትክክል ነው፤ ይህን ዛሬ የምጠራጠር አይደለሁም። ኢትዮጵያ በወንጀል ሕጓ ከልክላዋለች፤ ኬንያም በ2011 ራሱን የቻለ ሕግ አውጥታበታለች። አርተር ግን በማስተማር አልቆመም። የቤተ ክርስቲያኑ አባላትና የሚስዮኑ ሠራተኞች የሴት ልጅ ግርዛትን ማውገዛቸውን፣ መሬት እንዲመለስ የሚታገለውን የኪኩዩ ማዕከላዊ ማኅበርም መተዋቸውን በመሐላ እንዲያረጋግጡ ጠየቀ። መጻፍ የማይችለው በአውራ ጣቱ ይፈርማል። በአንድ ወረቀት ላይ ስለ ሴት ልጅ ገላና ስለ መሬት አንድ ላይ አሻራ አድርግ ማለት ነው። ያ ሕዝብ ደግሞ አሻራን የሚያውቀው በአንገቱ በሚያንጠለጥለው የሥራ መታወቂያ፣ “ኪፓንዴ” በሚሉት ነበር። አሻራ ከነጭ ወረቀት ጋር ሲገናኝ የሆነ ነገር እንደሚወሰድ ለምዷል። ወሬው ወዲያው ተነዛ፤ ነጮቹ ያልተገረዙ ልጆቻችንን አግብተው ርስታችንን ሊወርሱ ነው ተባለ።

አሻራ ያደረጉት “ኪሮሬ” ተባሉ፤ ያው አሻራ ማለት ነው። እምቢ ያሉት “ካሪንጋ”፣ ያልተበረዙት። በጥቂት ሳምንታት ውስጥ የቶጎቶ ቆራቢ አብዛኛው ወጣ፤ በየመንደሩ ያሉ የሚስዮን ትምህርት ቤቶች ወና ሆኑ። ወጣቱ ሙዚሪጉ የሚባል ጭፈራ አውጥቶ ሚስዮናውያኑንና የመንግሥት ባላባቶችን እያነሳ ይሸነቁጥ ጀመር፤ መንግሥት በ1930 መጀመሪያ ላይ ከለከለው። በዚያው ጥር፣ ኪጃቤ በሚባለው ጣቢያ ሐልዳ ስተምፍ የምትባል አሜሪካዊት አዛውንት ሚስዮናዊት ሌሊት ቤቷ ውስጥ ተገድላ ተገኘች።

የሾሾ እናት ያኔ የአሥር ወይም የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ነበሩ። የሚማሩበት የሚስዮን ጣቢያ ሌላ ነው፤ ስሙን ልተወው። አባታቸው አውራ ጣታቸውን ቀለም ነክረው ፈረሙ። የአባታቸው ወንድም በዚያው ዕለት መጽሐፉን ብብቱ ሥር አድርጎ ወጣ፤ ከዚያ ወዲያ ወንድማማቾቹ በአንድ እሳት ዳር አልተቀመጡም። አያትየው ደግሞ ማንንም ሳይጠይቁ ልጅቷን በውድቅት ቀስቅሰው ወደ ወንዝ ወሰዷት። ጎህ ሲቀድ፣ ቀዝቃዛው ውሃ ገላን ካደነዘዘ በኋላ ነበር የሚገረዘው። ጣቢያው ሲሰማ አባትየውን ከቁርባን አገደ። መሐላውን ያፈረሰው እሱ አይደለም፤ ግን አሻራው የእሱ ነው። “እናቴ እስከ ዕለተ ሞቷ የምትናደደው በምን እንደነበር ታውቂያለሽ?” አሉኝ ሾሾ። “በምላጩም በሚስዮኑም አይደለም። ማንም እሷን ባለመጠየቁ ነው።”

ከሚስዮኑ የወጡት ወደ ሙጉሞው ይመለሳሉ ተብሎ ተጠብቆ ይሆናል። እነሱ ግን ዕድር እንደሚዋጣ አዋጥተው የራሳቸውን ትምህርት ቤትና ቤተ ክርስቲያን ሠሩ። ነጩን ትተው መጽሐፉን አስቀሩ። ያነሳቸው ካህን ነበር። እንግሊዞቹ አልሾሙላቸውም፤ ስለዚህ ደቡብ አፍሪካ ድረስ ላኩና የአፍሪካ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ሊቀ ጳጳስ ዳንኤል ዊልያም አሌክሳንደርን አስመጡ። ይህች ቤተ ክርስቲያን በ1921 በኒው ዮርክ በጥቁሮች የተመሠረተች ናት። ሰውየው ኬንያ የደረሰው በ1935 መገባደጃ ነው፤ ኢጣሊያ አገራችንን በወረረችበት ሰሞን። ኬንያታም በዚያን ጊዜ ለንደን ላይ ለኢትዮጵያ ከሚሟገቱት አፍሪካውያን ጋር ነበር። ሰፊው ኪኩዩ ስለ እኛ ቤተ ክርስቲያን የሚያውቀው ጥቂት ነበር፤ በነጭ ያልተሾመ ጥቁር ክርስቲያን አለ የሚለው ወሬ ግን ደርሶት ነበር።

አሌክሳንደር ካህናት ሾሞ ሄደ። ከተሾሙት መካከል አርተር ጋቱና ይገኙበታል፤ በ1946 ቤተ ክርስቲያናቸው በግሪኮቹ የእስክንድርያ መንበር ሥር ገባች። ናይሮቢ ሪሩታ ሰፈር ሴሚናሪያቸው አለ። አንድ እሑድ ሄጄ ነበር። ኪኩዩው ቄስ ካባ ለብሰው፣ ዕጣኑ እየጨሰ፣ መሀል ላይ በግሪክኛ “ኪርዬ ኤሌይሶን” ሲሉ ሳላስበው ከንፈሬ ተንቀሳቀሰ፤ የእኛው “ኪርያላይሶን” ነው። ይህ ሁሉ የተጀመረው በአንድ ቃልና በአንድ አውራ ጣት ነው ብዬ ለጎኔ ሴትዮ ልነግራት ቃጣኝ፤ ቅዳሴ መሀል ስለሆነ ተውኩት።

በ1952 የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሲታወጅ እነዚያ ትምህርት ቤቶች ተዘጉ፤ ጋቱናም ታሰሩ። በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ ያመፀው ማው ማው ደን ገብቶ ነበር። የዐመፀኞቹ መሐላ የሚፈጸመው በፍየል ደምና ሥጋ በአባቶች ወግ ነበር፤ የሚዘመረው ግን በሚስዮን ቤት በተማሩት የመዝሙር ዜማ ነበር፣ ግጥሙ ተቀይሮ። በሌላ ወገን የክርስቶስን ደም የጠጣሁ የፍየል ደም አልጠጣም ብለው ለዚሁ ቃል የተገደሉ ኪኩዩ ክርስቲያኖች አሉ። ሾሾ ከሁለቱም ወገን ዘመድ ቀብረዋል። ስለዚህ ዘመን ሲጠየቁ ባቄላ መልቀሙን ያፈጥናሉ።

የዛሬ ልጆች ሙይሪቱ ሲሉ ኮረዳ ማለታቸው ነው፤ ድሮ ምን እንደነበር የሚያውቀው ጥቂቱ ነው። ሾሾም እኔን የሚጠሩኝ ከገባሁበት ቀን ጀምሮ በዚሁ ነው። ስሜ ለአፋቸው ስለማይመች ነበር የሚመስለኝ።

ያን ዕለት ጥያቄያቸውን ሳልመልስ ቀርቼ ነበር። ሰሞኑን እንደገና ሰፌዱ ፊት ተቀምጠን ሳለን፣ “የማርያምን እንጃ” አልኳቸው። “እኔ ግን ተገርዣለሁ። የስምንት ቀን ልጅ ሆኜ ነው አሉ፤ አላስታውሰውም።”

መነጽራቸውን ወደ ግንባራቸው ሰቅለው ለረጅም ጊዜ አዩኝ። የራሳቸውን አልነገሩኝም፤ እኔም አልጠየቅኋቸውም። ከዚያ ጉልበታቸውን ይዘው ተነሱ።

“ሙይሪቱ” አሉኝ፣ “ነይ ድስቱን አውርጂልኝ።”