የሚሸልል ሳክስፎን፣ የሚቀበል ትሮምቦን

በምዕራብ ሸዋ ከጊንጪ እስከ አምቦ፣ ከጉደር እስከ ጌዶ ባሉት ከተሞችና በዙሪያቸው ባለው ገጠር ጌረርሳ የሚባለውን የኦሮሞ የጀግንነት ዜማ ሳይሰማ ያደገ ሰው ማግኘት ይቸግራል። ጌረርሳ አንድ ሰው ብቻውን ቆሞ የሚያወጣው፣ የስንኙን ርዝመት ከከበሮ ምት ይልቅ የዜመኛው ትንፋሽ የሚወስነው ዜማ ሲሆን፣ አዳኝ የጣለውን አውሬ፣ ዘማች የዋለበትን ውሎ፣ በኋላ ዘመን ደግሞ ሰው የደረሰበትን በደልና የኑሮውን ምሬት የሚያሰማበት ሆኖ ቆይቷል። አዲሱ ቶለሳ እ.ኤ.አ. በ1999 ባሳተመው መጽሐፍ ጌረርሳን የኦሮሞ ብሔራዊ ሥነ ጽሑፍ አድርጎ ያጠናው ይህ ዜማ የአንድን ሰው ገድል ከሕዝብ ታሪክ ጋር የሚያያይዝ በመሆኑ ነው። በአማርኛ ተናጋሪው አገር ሽለላ፣ ቀረርቶና ፉከራ የሚባሉት የጌረርሳ ዘመዶች ናቸው፤ ፉከራ በአብዛኛው በንግግር የሚወረወር፣ ቀረርቶና ሽለላ ደግሞ በዜማ የሚሳቡ ሲሆኑ፣ ሁሉም የሰውን ወኔ ለመቀስቀስ የተፈጠሩ ናቸው። የሳክስፎን ተጫዋቹ ጌታቸው መኩሪያ ለኢትዮጵያ ጃዝ ያበረከተውን ነገር ለመረዳት ጌረርሳ የለመደ የአምቦ ሰው ጆሮ ከብዙ የጃዝ መጽሐፍ የበለጠ ይረዳል።

የጌታቸው ታሪክ ግን ከሳክስፎን በፊት ከሌላ መሣሪያ ጋር ቢታይ ይበልጥ ይገባል፤ ይኸውም በመጨረሻዎቹ ዓመታት ከጎኑ የቆመው ትሮምቦን ነው። ትሮምቦን ከነሐስ የሚሠራ የትንፋሽ መሣሪያ ነው። ትራምፔት ሦስት ቁልፎች ሲኖሩት ትሮምቦን በተለመደው ቅርጹ አንድም ቁልፍ የለውም፤ ተጫዋቹ ከንፈሩን በትንሽ ጽዋ መሰል አፍ ላይ አሳርፎ እያንቀጠቀጠ ይነፋል፣ በቀኝ እጁም ተንሸራታቹን ቱቦ ወደ ፊት ይገፋል ወይም ወደ ራሱ ይስባል። ቱቦው ሲረዝም ድምፁ ይወፍራል፣ ሲያጥር ይቀጥናል። እጅ የሚያርፍባቸው ሰባት ስፍራዎች ቢኖሩም በቱቦው ላይ ምልክት ስለማይደረግባቸው፣ ተጫዋቹ ልክ እንደ ማሲንቆ ተጫዋች ስፍራውን የሚያገኘው በጆሮውና በክንዱ ልማድ ብቻ ነው። ከአንዱ ድምፅ ወደ ሌላው ሳይቆርጥ ተንሸራትቶ መሄድ የሚችለውም በዚህ አሠራሩ ሲሆን፣ ይህ ጠባዩ ከሰው ጉሮሮ ጋር እጅግ ያቀራርበዋል። በአሜሪካዊው ዱክ ኤሊንግተን ባንድ ውስጥ የነበረው ትሪኪ ሳም ናንተን የትሮምቦኑን አፍ በጎማ ክዳን እየከደነና እየከፈተ ቃል የሚናገር የሚመስል ድምፅ ያወጣ ነበር፤ ኤሊንግተን በ1966 ዓ.ም. ባንዱን ይዞ አዲስ አበባ በመጣበት ጊዜ ናንተን በሕይወት ባይኖርም፣ መሣሪያን የማናገር ልማድ በባንዱ ውስጥ አልቀረም ነበር።

ወደ ኢትዮጵያ እነዚህ መሣሪያዎች የገቡት በቤተ መንግሥትና በጦር ሠራዊት በር ነው። ከዐድዋ ድል በኋላ የሩሲያው ንጉሠ ነገሥት ዳግማዊ ኒኮላስ ለዐፄ ምኒልክ የነሐስ የሙዚቃ መሣሪያዎችን በስጦታ ላኩ። በ1916 ዓ.ም. ደግሞ አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ኢየሩሳሌምን ሲጎበኙ በነሐስ መሣሪያ የተቀበሏቸውን አርባ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች ከመምህራቸው ከኬቮርክ ናልባንዲያን ጋር ወደ አዲስ አበባ አስመጧቸው፤ «አርባ ልጆች» ተብለው የሚታወቁት እነዚህ ናቸው። ኬቮርክ በዘመነ ኃይለ ሥላሴ የተዘመረውን የብሔራዊ መዝሙር ዜማ የደረሰ ሲሆን፣ ግጥሙ የዮፍታሔ ንጉሤ ነው። የወንድሙ ልጅ ኔርሰስ ናልባንዲያንም በኋላ የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤትንና የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትርን ሙዚቀኞች አሠልጥኖ፣ ኢትዮጵያዊውን ዜማ ለብዙ የትንፋሽ መሣሪያዎች እንዴት ማከፋፈል እንደሚቻል አሳየ። በዚህ ሁሉ ጊዜ ትሮምቦን በማርሽ ባንዱም በኦርኬስትራውም ውስጥ ነበረ፤ ነገር ግን የኋላ ረድፍ መሣሪያ ሆኖ የዜማውን ግርጌ ሲያጸና ኖረ እንጂ ከፊት የወጣበት ጊዜ ጥቂት ነው። ሕዝቡ በስም የሚያስታውሳቸው የትንፋሽ ተጫዋቾች በአብዛኛው የሳክስፎንና የትራምፔት ሰዎች ናቸው። ለዚህ አንዱ ምክንያት በትዝታ፣ በባቲ፣ በአምባሰልና በአንቺሆዬ ቅኝቶች የሚዜመው ዜማ በፈጣንና በደቃቅ የድምፅ ንዝረት የተሞላ መሆኑ ይመስላል፤ እንዲህ ያለውን ንዝረት በጣት ቁልፍ ማውጣት በክንድ ከማውጣት ይቀላል።

ጌታቸው መኩሪያ መጋቢት 5 ቀን 1927 ዓ.ም. በይፋት ተወለደ። የሙዚቃ ትምህርቱን የጀመረው በክራርና በማሲንቆ ነው፤ ክላርኔትና ሳክስፎን የመጡት ከዚያ በኋላ ነው። ይህ ቅደም ተከተል ቀላል ነገር አይደለም፤ ማሲንቆ በአንድ ጅማት ብቻ የሰውን ድምፅ የሚከተል መሣሪያ በመሆኑ፣ ልጁ ሳክስፎኑን ሲያነሣ ድምፅ እንዴት እንደሚሳብ፣ እንደሚሰበርና እንደሚርገበገብ አስቀድሞ ያውቅ ነበር። ገና የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ሳለ ገደማ በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ባንድ ተቀጠረ፤ በ1948 ዓ.ም. አዲስ በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ኦርኬስትራ ውስጥ ገባ፤ ከአሥር ዓመት ገደማ በኋላም ወደ ፖሊስ ኦርኬስትራ ተዛወረ።

ሳክስፎን ሰውነቱ ከነሐስ ቢሠራም በሙዚቃ ምደባ ከክላርኔት ጋር የሚቆጠር መሣሪያ ነው፤ ድምፁ የሚፈጠረው ከአፉ ላይ በታሰረች ቀጭን የሸንበቆ ምላስ መርገብገብ ነውና። ቤልጂጋዊው አዶልፍ ሳክስ እ.ኤ.አ. በ1846 የፈጠራ መብቱን ሲያስመዘግብ ያሰበው የወታደር ባንድን ነበር። ጌታቸው ገና በማዘጋጃ ቤቱ ባንድ ሳለ፣ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጀመሪያ፣ ከዚህ መሣሪያ ሽለላን አወጣ። አጨዋወቱን በቅርብ ሆኖ ለሚያዳምጥ ሰው ነገሩ እንዲህ ነው፤ ከበስተኋላ ያለው ጓድ አንድ ድምፅ ላይ ረግቶ ይቆያል፣ ምትም የለም ሊባል ይችላል፤ ሳክስፎኑ ከላይኛው ድምፅ በድንገት ይነሣል፣ እዚያው ላይ ሰፊ ርግብግቢት እያሰማ ይቆያል፣ ከዚያ በተከታታይ ደቃቃ ድምፆች ተንደርድሮ ይወርድና ሸላዩ ትንፋሽ ለመውሰድ በሚያቆምበት ቦታ ላይ ይቆማል። ዝምታው ራሱ የዜማው አካል ነው። ከዝምታው በኋላ የሚመጣው ሐረግ ከመጀመሪያው ይረዝማል ወይም ይከፋል፤ የመሣሪያውም ድምፅ እየሻከረ የሰው ጉሮሮ ወደሚቆጣበት ደረጃ ይደርሳል። ጌታቸው በመድረክ ላይ የጀግና ልብስ የሆኑትን የአንበሳ ጎፈርና ለምድ ለብሶ ሽለላውን የሚጫወት ሲሆን፣ ይህ አለባበስ የዜማውን ምንጭ ለተመልካች ያለ ማብራሪያ የሚናገር ነበር።

ጌታቸው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ኦርኬስትራ ውስጥ በነበረበት ዘመን ከምዕራብ ሸዋ የወጣ ሌላ ሰው በዚያው ቤት ይሠራ ነበር። ባለቅኔው ጸጋዬ ገብረ መድኅን በ1928 ዓ.ም. ከአምቦ አቅራቢያ በቦዳ ተወልዶ ያደገና የኦሮምኛንም የአማርኛንም የቃል ሀብት ከቤቱ የወረሰ ሰው ሲሆን፣ በ1950ዎቹ ዓ.ም. የቴአትሩ የጥበብ ዳይሬክተር ነበር። የጸጋዬ ተዋንያን በመድረክ ላይ የሚያሰሙት ረጅምና ከፍ ያለ ንግግር፣ የጌታቸውም ሳክስፎን የሚያሰማው ረጅም ሐረግ ከአንድ ዓይነት የጀግንነት አነጋገር የተቀዱ ናቸው ቢባል ማጋነን አይሆንም። አንዱ የውጭ መድረክን፣ ሌላው የውጭ መሣሪያን ይዞ በአንድ ጣሪያ ሥር ወደ አገር ድምፅ ተመልሷል።

የውጭ አገር አድማጮች ጌታቸውን ዘግይተው ሲሰሙት አጨዋወቱን ከነፃ ጃዝ ጋር አመሳሰሉት። ነፃ ጃዝ የሚባለው ተጫዋቹ አስቀድሞ ከተወሰነ ምትና የድምፅ ቅንብር ተላቆ በዚያው ቅጽበት የሚፈጥርበት አጨዋወት ሲሆን፣ ስማቸው ከጌታቸው ጋር አብሮ የሚነሣው ኦርኔት ኮልማንና አልበርት አይለር ናቸው። የአይለር ዋና ሥራዎች የተቀረጹት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ በመሆኑ ጌታቸው ከእርሱ አሥር ዓመት ያህል ይቀድማል። ንጽጽሩ ለጌታቸው የሚገባውን ክብር ቢሰጥም አንድ ነገር ያሳስታል፤ እነዚያ ከነበረ ሥርዓት ለመላቀቅ ሲታገሉ፣ ጌታቸው ግን ለዘመናት የኖረን ሥርዓት ሳያዛንፍ ወደ አዲስ መሣሪያ ያዛወረ ሰው ነበር። ጌረርሳ የሚያውቅ የአምቦ ወይም የጉደር ሰው ይህን ሙዚቃ ሲሰማ የሚቆጥረው ምት ስላላገኘ ግራ አይጋባም፤ የዜመኛውን ትንፋሽ ይከተላልና። በዚህ የጌታቸው መንገድ ከሙላቱ አስታጥቄም ይለያል፤ ሙላቱ በእንግሊዝና በአሜሪካ ጃዝን ተምሮ የኢትዮጵያን ቅኝቶች በዚያ ውስጥ ሲያኖር፣ ጌታቸው አዲስ አበባን ሳይለቅ ከሽለላ ተነሥቶ ጃዝ የሚመስል ነገር ላይ ደርሷል።

የሸክላ ሥራው ግን ዘገየ። ሸክላ የማሳተም መብት ለረጅም ጊዜ በሀገር ፍቅር ማኅበር እጅ ብቻ ስለነበረ፣ ይህን አጥር ጥሶ ገበያውን የከፈተው በ1961 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የአምሃ እሸቴ አምሃ ሪከርድስ ነው፤ በጥቂት ዓመታትም ከመቶ በላይ ትንንሽ ሸክላዎችን አወጣ። ጌታቸው በ1964 ዓ.ም. ገደማ በፊሊፕስ ስም የቀረጻቸው ዜማዎች ያለ ድምፃዊ በመሣሪያ ብቻ የተሠሩ ሲሆኑ፣ ሽለላው፣ አምባሰሉና «አካለ ውቤ» ከእነዚህ መካከል ናቸው። በደርግ ዘመን የሰዓት እላፊ የምሽት ክበቦችን አዳከመ፤ የትልልቅ የትንፋሽ ጓዶችም ዘመን አበቃ። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ኢትዮፒክስ በተባለው ተከታታይ እትሙ 14ኛ ቅጽ የጌታቸውን ቀረጻዎች በ1995 ዓ.ም. እንደገና እስኪያወጣቸው ድረስ ዓለም አላወቃቸውም።

ትሮምቦን ከፊት የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ዘ ኤክስ የተባለው እ.ኤ.አ. በ1979 የተመሠረተው የኔዘርላንድ ባንድ ኢትዮጵያን ዞሮ ከተጫወተ በኋላ፣ በ1997 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ለ25ኛ ዓመት በዓሉ ጌታቸውን ወደ አምስተርዳም ጋበዘው። ጌታቸውም የባንዱን ሻካራ ጊታርና የከበሮ ምት ሰምቶ አጃቢዎቹ እንዲሆኑ ራሱ ጠየቃቸው፤ ስድሳ ዘጠኝ ዓመት የሞላው ሰው ከሮክ ሙዚቀኞች ጋር አዲስ ሥራ ሲጀምር ፍርሃት አልታየበትም። በ1998 ዓ.ም. የወጣው «ሞአ አንበሳ» አልበም ከዚህ የተገኘ ሲሆን፣ በአልበሙ ላይ ከዣቪየ ሻርል ክላርኔትና ከብሮዲ ዌስት አልቶ ሳክስፎን ጋር የዮስት ባውስ ትሮምቦን አለ።

በሽለላ መድረክ ሸላዩ ብቻውን አይደለም፤ ዙሪያውን የቆሙት ሰዎች በየሐረጉ መጨረሻ ድምፃቸውን ያሰማሉ፣ ያበረታቱታል፣ «በለው» ይሉታል። በጌረርሳም ሰሚው እንዲሁ ዝም ብሎ አይቆምም። አንድ ሳክስፎን ብቻውን ሲሸልል ይህ የተቀባይ ድምፅ ይጎድለዋል፤ የቀድሞዎቹ ሸክላዎች ውበት ሙሉ ቢሆንም ይህ ጉድለት ይሰማባቸዋል። ከጌታቸው ቴነር ሳክስፎን በታች ያለውን ወፍራም ድምፅ የያዘው ትሮምቦን ይህን ስፍራ የሚሞላ መሣሪያ ነው፤ በቁልፍ ሳይወሰን እየተንሸራተተ ስለሚወጣና ስለሚወርድ ከሌሎቹ ይልቅ የወንዶችን የጅምላ ድምፅ ይመስላል። የዘመናት የኋላ ረድፍ ሥራው እዚህ ላይ ትርጉም አገኘ፤ ከሸላይ በስተኋላ መቆም በዚህ ባህል የክብር ቦታ ነውና።

ጌታቸው በነሐሴ 2000 ዓ.ም. ከዚሁ ባንድ ጋር በኒው ዮርክ ሊንከን ሴንተር ተጫወተ፤ በዚያው ምሽት ማሕሙድ አሕመድና ዓለማየሁ እሸቴም ኢዘር ኦርኬስትራ ከተባለው የአሜሪካ የጃዝ ባንድ ጋር ዘፍነዋል። ሁለተኛው የጋራ አልበም «የአንበሳው ትዝታ» በ2004 ዓ.ም. ወጣ። ጌታቸው መጋቢት 26 ቀን 2008 ዓ.ም. በሰማንያ አንድ ዓመቱ አረፈ። ከዚያ በፊት በፓሪስ አንድ የፈረንሳይ ባንድ ከእርሱ ዜማ ስሙን ወስዶ «አካለ ውቤ» ተብሎ በአውሮፓ መድረኮች የኢትዮጵያን ሙዚቃ መጫወት ጀምሮ ነበር።