«ማስታወቂያ» እና «ትእዛዝ» በከተማ ቦታ ሕግ ትርጉም

በሕግ ትርጉም «ማስታወቂያ»ንና «ትእዛዝ»ን ማቀላቀል የባለጉዳይን መብት ያዛባል። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣውንና በ1999 የመሻሪያ ሕግ የወጣበትን፣ የከተማ ቦታ ይዞታን መጠን የሚወስነውን የሕንድ ሕግ እንመልከት። ባለሥልጣኑ በመጀመሪያ ረቂቅ መግለጫን ከማስታወቂያ ጋር ለባለይዞታው ያደርሳል፤ እርሱም መቃወሚያውን በ30 ቀን ውስጥ ያቀርባል። «ትእዛዝ» የሚሰጠው መቃወሚያው ከተሰማ በኋላ ነው፤ ትርፉ ቦታ የመንግሥት የሚሆነውም ኋላ በመንግሥት ጋዜጣ ሲታወጅ ነው። ስለዚህም የሕንድ ፍርድ ቤቶች፣ ባለሥልጣኑ ከሥልጣኑ ውጭ ካልሠራ በቀር፣ በመጀመሪያ ደረጃ ማስታወቂያ ላይ የሚቀርብን አቤቱታ ያለጊዜው የቀረበ ነው በማለት አብዛኛውን ጊዜ አይቀበሉም። ተርጓሚው ማስታወቂያውን «ትእዛዝ» ቢለው፣ ባለይዞታው መቃወሚያውን ትቶ ወደ ፍርድ ቤት ይሄዳል፤ ቀኑም ያልፍበታል። በእኛ አስተያየት ተስማሚው አቻ «ቅድመ ውሳኔ ማስታወቂያ» ነው።