ከቅርጫ በኋላ፤ ስለ በሬ ቆዳና ስለ መርካቶ ባለ እጆች

በሬ ለሰው የሚሰጠው ጥቅም በሥጋው ብቻ እንደማያልቅ የታወቀ ነው። በሕይወቱ ሳለ ያርሳል፣ እህል ያበራያል፤ እርጥብ እበቱ የአውድማ መለቅለቂያ፣ ሲደርቅም ኩበት ነው። ከታረደ በኋላ ቀንዱ ዋንጫ፣ ቆዳው ጠፍር፣ ምራን፣ ከበሮና ጫማ ይሆናል። የማዕከላዊ ስታትስቲክስ ኤጀንሲ የ2013 ዓ.ም. የናሙና ጥናት በአገሪቱ 70 ሚሊዮን ያህል የቀንድ ከብት እንደነበረ ያመለክታል። ታዲያ ይህን ያህል ሀብት ባለበት አገር፣ በበዓል ማግስት ቆዳ በአዲስ አበባ መንገድ ዳር ተጥሎ የሚታየው ለምንድን ነው? የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ለዚህ ጥያቄ መልስ መፈለግ ነው።

ጥያቄው የመጣብን ከመጽሐፍ አይደለም። ባለፈው ፋሲካ ከጎረቤቶቻችን ጋር ቅርጫ ገብተን ነበር። ሥጋው በመደብ በመደብ ተከፍሎ እያንዳንዱ የድርሻውን ወሰደ፤ ቆዳው ግን ባለቤት አጥቶ ተጠቅልሎ ከአጥሩ ሥር አደረ። በማግስቱ ይዘነው ወደ መርካቶ ወረድንና ለአንድ አረጋዊ ቆዳ ነጋዴ አሳየናቸው። እርሳቸውም ዘርግተው ጠጉሩን በሁለት ጣታቸው ሳብ ቢያደርጉት ያለ ችግር ተነቀለ። «ልጆቼ፣ በሬው የሞተው ትናንት ጧት ነው፤ ቆዳው ግን የሞተው ትናንት ማታ ነው» አሉን። አልገዙንም። ዋጋውን ያሳጣነው ራሳችን መሆናችንን ያወቅነው ያን ጊዜ ነው።

ነገሩ በኬሚስትሪ ሲታይ እንዲህ ነው። እርጥብ ቆዳ ከመቶው ከ60 እጅ በላይ ውሃ ነው፤ የቀረው አብዛኛው ኮላጅን የሚባል ፕሮቲን ነው። ውሃና ፕሮቲን ባሉበት፣ በተለይም የሰውነቱ ሙቀት ሳይወጣ ተጠቅልሎ ሲቀመጥ፣ ባክቴሪያ ፈጥኖ ይራባል። በመጀመሪያ የሚበላው የጠጉሩን ሥር የያዘውን ክፍል ስለሆነ፣ ጠጉሩ መነቀሉ የብስባሱ የመጀመሪያ ምልክት ነው። መድኃኒቱም ቀላል ነው፤ ቆዳው እንደተገፈፈ ታጥቦ ውሃው ይንጠፈጠፍና በጥቂት ሰዓቶች ውስጥ የሥጋው ወገን በጨው ይታሻል። ለ10 ኪሎ ቆዳ ከ3 እስከ 4 ኪሎ ጨው ይበቃል። ጨው ውሃውን ከቆዳው ስቦ ስለሚያወጣ ባክቴሪያው መራባት ይሳነዋል።

ጨው ግን ቆዳውን ለጊዜው ያቆየዋል እንጂ አያለፋውም። ማልፋት ማለት የኮላጅኑን ጭረቶች እርስ በርሳቸው አጥብቆ ማሰር ነው። ባላገር ይህን ሥራ የሚሠራው እንደ እንቧይ ፍሬ ባሉ ዕፀዋት ነው፤ ፋብሪካ ደግሞ ብዙውን ጊዜ በክሮም ጨው ይሠራል። ልዩነቱን ለማየት ሙቅ ውሃ ይበቃል፤ ያልለፋ ቆዳ ከ60 እስከ 65 ዲግሪ ሙቀት ባለው ውሃ ውስጥ ይኮማተራል፤ በክሮም በደንብ የለፋው ግን የፈላ ውሃ ይችላል። ያልለፋው ቆዳ ለረጅም ጊዜ ሲቀቀል ኮላጅኑ ወደ ጄላቲን ይለወጣል። የአናጢ ሙጫ ከዚህ ይገኛል፤ የተጣራው ጄላቲን ደግሞ የመድኃኒት ካፕሱል ልባስ ይሆናል። ሞራውም ከአልካሊ ጋር ሲፈላ ሳሙናና ግሊሰሪን ይሰጣል። ስለዚህ ጫማ ለመሆን የማይበቃ ቆዳ እንኳ ፈጽሞ የሚጣል ነገር አይደለም።

የቆዳ ጉዳት የሚጀምረው ግን ከዕርዱ ቀን በፊት ነው። የመዥገር ንክሻ፣ የእሾህ ጭረት፣ የቀንበር መላጥና በጋለ ብረት የተተኮሰ ምልክት ሁሉ ቆዳው ሲለፋ ገሃድ ይወጣሉ። በዕርዱ ቀን ደግሞ ጫፉ የሾለ የወጥ ቤት ቢላዋ ይበሳዋል። ጫፉ የዞረ የመግፈፊያ ቢላዋና የሠለጠነ እጅ ቢኖሩ ይህ ጉዳት ይቀር ነበር።

ለጉዳቱ ሁሉ ገፋፊው ብቻ ተወቃሽ ነው አንልም። በ2000 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ወደ ውጭ አገር በሚላክ ጥሬና በከፊል ባለቀ ቆዳ ላይ 150 በመቶ ቀረጥ ጣለ፤ አሳቡም ቆዳው በአገር ውስጥ አልቆ እንዲወጣ ነበር። ይሁን እንጂ ከዚያ በኋላ ባሉት ዓመታት የጥሬ ቆዳ ዋጋ እጅግ ወድቆ ታይቷል። ዋጋው ሲወድቅ ለጨው ገንዘብ የሚያወጣ ይጠፋል፤ ጨው ያልነካው ቆዳ ይበላሻል፤ የተበላሸው ቆዳ ደግሞ ዋጋውን መልሶ ይጥለዋል። አንዱ ለሌላው ምክንያት ስለሆነ፣ ይህን ክብ ለመስበር ከአንድ ቦታ መጀመር ያስፈልጋል።

የዚህን ጉዳት ትርጉም የሚያውቁት የመርካቶ ጫማ ሠሪዎች ናቸው። ሙያው በከተማችን የተስፋፋው አርመናውያን ነጋዴዎች ባቋቋሟቸው ፋብሪካዎች የሠለጠኑ ሠራተኞች ወጥተው በመርካቶና በአካባቢው የራሳቸውን ሥራ ቤት በመክፈታቸው ነው። ከእነዚህ ሥራ ቤቶች በአንዱ ተቀምጠን እንዳየነው፣ ሠሪው ቆዳውን ከመቁረጡ በፊት ወደ ብርሃን አቅንቶ ያየዋል፤ ቀዳዳና ጠባሳ እየሸሸ ቅርጹን ያስቀምጣል። አንድ ቀዳዳ በመካከል ከተገኘ ሰፊ ቁራጭ ለትንሽ ነገር ይውላል። በፋሲካ ጧት በግዴለሽነት የተሰነዘረች ቢላዋ የዚህን ሰው እንጀራ ትቆርሳለች።

አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባስነገሩት አዋጅ ባለ እጅን በሙያው መስደብን ከልክለው ነበር። ስድቡ ዛሬ ቢቀንስም «ፋቂ» የሚለው ቃል ያሳደረው ንቀት ገና ከልባችን ጨርሶ አልጠፋም፤ ቆዳን እንደ ጉድፍ የምናየው በከፊል ከዚህ የተነሣ ይመስለናል። እኛ የምናቀርበው አሳብ ትንሽ ነው። ቅርጫ የሚገቡ ሰዎች ለበሬው ሲያዋጡ የጨውንም ዋጋ አብረው ያዋጡ፤ ቆዳውን በዚያው ቀን ለነጋዴ የሚያደርስ አንድ ሰውም አስቀድመው ይምረጡ። እኛ ለመጪው በዓል ጨዉን የሚገዛውንና ቆዳውን ይዞ ወደ መርካቶ የሚወርደውን ከወዲሁ መርጠናል።