የአንድ ሌሊት እንግዳ፦ የቦሌ ሆቴሎችና ሠራተኞቻቸው

ከቦሌ መድኃኔዓለም ተነስቶ በአትላስ አድርጎ ወደ 22 የሚወጣ፣ ወይም በሩዋንዳና በወሎ ሰፈር በኩል የሚዞር ሰው አንገቱን ቀና ባደረገ ቁጥር የሆቴል ስም ያነባል። የውጭ ብራንድ የለጠፈው ባለ ብዙ ፎቅ አለ፤ ባለቤቱ በልጁ ስም የሰየመው መካከለኛ ሆቴል አለ፤ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ ኮብልስቶን ላይ የተቀመጠ ፔንሲዮንና ገስት ሃውስም አለ። ስለነዚህ ቤቶች ሲወራ አንድ ነገር ሁልጊዜ ይደጋገማል፦ ሆቴል ሲበዛ ቱሪስት ይበዛል፣ ቱሪስት ሲበዛ ወጣቱ ሥራ ያገኛል። ለጎንደርና ለላሊበላ ይህ አባባል እውነትነት አለው። ለቦሌ ግን አይሠራም። የቦሌ ሆቴል የሚኖረው በአውሮፕላንና በስብሰባ ነው። እንግዳው ባብዛኛው አዲስ አበባን ልይ ብሎ የመጣ ሳይሆን፣ በረራው ያሳደረው ወይም መሥሪያ ቤቱ የላከው ነው። ስለዚህም በዚህ ሠፈር የሥራውን ብዛትና የደመወዙን ውፍረት የሚወስነው የክፍሉ ቁጥር ወይም የኮከቡ ብዛት ሳይሆን፣ እንግዳው ስንት ሌሊት እንደሚያድርና ሒሳቡን ማን እንደሚከፍል ነው።

የከተማዋ የሆቴል ታሪክ የተጀመረው ከቦሌ ርቆ ነው። ፒያሳ ላይ እቴጌ ጣይቱ ሆቴል ነበረ፤ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በ1955 ዓ.ም ከተመሠረተ በኋላ ሒልተን መጣ፣ በ1990 ሸራተን ተጨመረ። ሁሉም ዓይናቸው ቤተ መንግሥቱና የስብሰባ አዳራሾቹ ላይ ነበር። ቦሌ ያኔ የቪላ ሠፈር ነው። ነገሩ የተቀየረው አውሮፕላን ማረፊያው በ1995 ዓ.ም አዲሱን ተርሚናል ካገኘና የኢትዮጵያ አየር መንገድ በፍጥነት ማደግ ከጀመረ በኋላ ነው። ቪላዎቹ እየፈረሱ ፎቅ ሆኑ። የገነቡትም በአመዛኙ አገር ውስጥ ሀብት ያፈሩ ነጋዴዎች፣ ላኪዎችና አስመጪዎች፣ ከውጭ የተመለሱ ዳያስፖራዎች ናቸው። ለሆቴል የሚገባ ዕቃ ከቀረጥ ነፃ መሆኑ አንድ መነሻ ነበር፤ ሌላው፣ ብር ዋጋው በሚወርድበት አገር ሕንፃ ከባንክ ደብተር የተሻለ የገንዘብ ማስቀመጫ መሆኑ ነው። በ2012 ዓ.ም የወጣው የኢንቨስትመንት ደንብ ኮከብ የሌለውን ሆቴልና ፔንሲዮን ለኢትዮጵያውያን ብቻ ትቶ ባለ ኮከቡን ለውጭ ባለሀብት ክፍት ቢያደርግም፣ የዓለም አቀፍ ብራንድ ስም የተጻፈበት ሕንፃ ብዙውን ጊዜ ያገሬው ሰው ነው፤ ብራንዱ ስሙንና ሥራ አስኪያጁን ይሰጣል፣ ክፍያውን ይወስዳል። ሕንፃ እንደ ቁጠባ መቆጠሩ ለሠራተኛው የሚተርፈው መዘዝ አለው። ባለቤቱ ክፍሎቹ ባዶ ቢያድሩም በቦታው ዋጋ መናር ራሱን ያጽናናል። በዚያ ባዶ ክፍል ደመወዝ የምትጠብቀው ሠራተኛ ግን በመሬት ዋጋ አትጽናናም።

እንግዳው ከየት እንደሚመጣ ለማየት የበረራ ሰሌዳውን ማንበብ ይበቃል። የኢትዮጵያ አየር መንገድ በ2016 በጀት ዓመት ከ17 ሚሊዮን በላይ መንገደኛ አጓጉዟል፤ በቦሌ ከሚያልፈው ዓለም አቀፍ መንገደኛ አብዛኛው ደግሞ ከአንዱ አውሮፕላን ወርዶ በሌላው የሚቀጥል ነው። በረራዎቹ የሚመጡትና የሚሄዱት በማዕበል ነው። ማለዳ ከአውሮፓ፣ ከእስያና ከአሜሪካ የመጡት ያርፋሉ፤ ረፋድ ላይ ወደ አፍሪካ ከተሞች የሚሄዱት ይነሳሉ። ማታ ደግሞ ከአፍሪካ የመጡት ይገቡና እኩለ ሌሊት ገደማ ወደ ሩቅ አገር ይበራሉ። አንዱን ማዕበል ያጣ መንገደኛ ሌላውን መጠበቅ አለበት። ጥበቃው 8 ሰዓትና ከዚያ በላይ ሲሆንና የተሻለ ግንኙነት ሲጠፋ አየር መንገዱ በራሱ ወጪ ሆቴል ያስገባዋል። አውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ ያለው ስካይላይት ሆቴል የተወለደው ከዚህ ስሌት ነው። ባለቤቱ አየር መንገዱ ሲሆን፣ በጥር 2011 ዓ.ም ሲመረቅ 373 ክፍሎች ነበሩት፤ በኋላ በተጨመረው ሕንፃ ከሺህ አልፏል። በዙሪያው ያሉ የግል ሆቴሎችም ከዚሁ መንገደኛና ከበረራ ሠራተኞች ኮንትራት የድርሻቸውን ይጠብቃሉ፤ ሹትል አውቶቡሶቻቸው ሌሊቱን ሙሉ ሲመላለሱ የሚያድሩት ለዚህ ነው።

ይህ እንግዳ ለሃውስኪፒንግ ምን ማለት እንደሆነ ቀረብ ብሎ ማየት ይገባል። በዓለም በተለመደው አሠራር አንዲት ሩም አቴንዳንት በአንድ ሺፍት ከ12 እስከ 16 ክፍል ታዘጋጃለች። ሦስትና አራት ሌሊት የሚቆይ እንግዳ ክፍል ከሆነ ሥራው ቀላል ነው፦ አልጋውን ማስተካከል፣ ፎጣ መቀየር፣ ቆሻሻ ማውጣት፣ መታጠቢያ ቤቱን መወልወል። እንግዳው ለቆ የሄደበት ክፍል ግን እንደ አዲስ ይሠራል። አንሶላው እስከ ፍራሽ መሸፈኛው ይገፈፋል፤ የአልጋው ሥር፣ የመሳቢያው ውስጥ፣ የካዝናው ሆድ የተረሳ ዕቃ እንዳይኖር ይታያል፤ መታጠቢያ ቤቱ በፀረ ጀርም ይታጠባል፤ መስታወቱ ላይ የጣት አሻራ መቅረት የለበትም፤ አዲሱ አንሶላ ማዕዘኑ ተጣጥፎ ተወጥሮ ይነጠፋል፤ ከዚያ ሱፐርቫይዘሯ አይታ ስታጸድቅ ነው ሪሴፕሽን ክፍሉን መልሶ የሚሸጠው። የትራንዚት እንግዳ ማለዳ ገብቶ ማታ ሲወጣ፣ በዚያው አልጋ ላይ ማታ የገባው ሲተካ፣ ይህ ሁሉ በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ ይደገማል። ላውንደሪውም እንደዚያው ነው። በወረቀት ላይ ሆቴሉ «ሙሉ» ነው፤ ሥራው ከእጥፍ በላይ ነው። ገቢው ግን እጥፍ አይደለም። አየር መንገድ ክፍል የሚከራየው በጅምላ ስለሆነ ዋጋው በር ላይ ከተለጠፈው ብዙ ይወርዳል፤ የአየር መንገዱን ቫውቸር የያዘው እንግዳም ምግቡ ተከፍሎለታል፣ ደክሞታል፣ ብር አልመነዘረም። ባር አይወርድም፣ ስፓ አይገባም፣ ራይድ አይጠራም።

ይህ ነገር በቀጥታ ወደ ሠራተኛዋ ኪስ ይወርዳል። በኢትዮጵያ ለግል ድርጅት ሠራተኛ የተቀመጠ ዝቅተኛ የደመወዝ ወለል የለም፤ የ2011 ዓ.ም የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅም አልደነገገውም። በብዙ ባለ ኮከብ ሆቴሎች መነሻ ደመወዝ ትንሽ ነው፤ ኑሮን የሚደጉመው ሒሳብ ላይ ከ15 በመቶው ቫት ጎን የሚታየው 10 በመቶ ሰርቪስ ቻርጅ ነው። ይህ ገንዘብ ለሠራተኛው የሚከፋፈለው በነጥብ ሲሆን፣ ነጥቡ እንደ ሥራ መደቡና እንደ ቆይታው ይለያያል። ቲፕ ደግሞ አለ፤ እሱ ግን እንግዳውን ፊት ለፊት ለሚያገኘው አስተናጋጅና ሻንጣ ተሸካሚ ይቀናዋል። ከሒሳብ የሚቆረጥ ድርሻ በሒሳቡ ልክ ያድጋል፣ በሒሳቡ ልክ ይከሳል። በራሱ ካርድ የሚከፍል፣ ማታ ራት የሚጋብዝ፣ ልብስ የሚያሳጥብ እንግዳ የወሩን ሰርቪስ ቻርጅ ያሳብጠዋል። በጅምላ ዋጋ ለስምንት ሰዓት የተኛው ግን አንሶላውን እንጂ ድርሻውን አይተውላትም። «ደመወዝ ያነሰው በባለቤቱ ስስት ነው እንጂ በእንግዳው ዓይነት አይደለም» የሚል ይኖራል። ስስትማ አለ፤ ሠራተኛን በካዥዋል እያመላለሱ ቋሚ ላለማድረግ የሚደረገው ጥበብ የታወቀ ነው። ይሁን እንጂ ስስታሙም ለጋሱም ባለቤት አንድ ዓይነት ቫውቸር ሲቀበሉ የሚያከፋፍሉት ድርሻ ያው ቀጭን ነው።

ሁለተኛው የቦሌ እንግዳ ስብሰባተኛው ነው፤ እርሱ የተሻለ ከፋይ ነው። በየካቲት የአፍሪካ ኅብረት የመሪዎች ጉባኤ ሲመጣ ክፍል ይጠፋል፣ ዋጋ ይወጣል፣ ባንኬት ክፍሉ የሚያውቃቸውን ካዥዋል አስተናጋጆች ሁሉ ስልክ እየደወለ ይጠራል። በቅርቡ ደግሞ የስብሰባው ስበት ወደ ምሥራቅ ዘንበል ብሏል። በ2017 ዓ.ም የተመረቀው አዲስ ኢንተርናሽናል ኮንቬንሽን ማዕከል በሲኤምሲ በኩል ነው፤ በዚያው ዓመት ጳጉሜን ሁለተኛውን የአፍሪካ የአየር ንብረት ጉባኤ አስተናግዷል። ለመገናኛ፣ ለገርጂና ለሲኤምሲ ሆቴሎች ይህ በር የሚያንኳኳ ዕድል ነው። እ.ኤ.አ. በ2027 አዲስ አበባ 32ኛውን የተባበሩት መንግሥታት የአየር ንብረት ጉባኤ እንድታስተናግድ መመረጧ ሲሰማም ብዙ ባለሀብት ካልኩሌተሩን አውጥቷል። ግን ጉባኤ የሁለት ሳምንት ነገር ነው። ለሁለት ሳምንት የሚቀጠር ሰው ሠለጠነ አይባልም፣ የሚሠራለት ክፍልም በሦስተኛው ሳምንት ባዶ ነው። የጉባኤ ከተማ የሚባሉት ቦታዎች የሚኖሩት በትልልቁ ሳይሆን በየሳምንቱ በሚደረገው የሐኪሞች፣ የባንኮች፣ የማኅበራት መካከለኛ ስብሰባ ነው። ያ ዓይነቱ የስብሰባ ገበያ በሻጭ ሠራተኛ ጥረት የሚገኝ እንጂ በአዳራሽ ስፋት የሚመጣ አይደለም።

ጠንካራው ተቃውሞ ቁጥሩን ይዞ ይመጣል፦ «ክፍል ሲጨመር ሠራተኛ ይጨመራል፤ ስካይላይት ብቻውን ስንቱን ቀጥሯል፤ ስለ ሌሊት ማስላት ቅንጦት ነው።» ክፍል ሲከፈት ሰው መቀጠሩ አያከራክርም። የመቀጠሩ ጽናት ግን በ2012 ዓ.ም ተፈትኗል። በመጋቢት ወር ኮቪድ በረራውን ሲያደርቀው የቦሌ ሆቴሎች በሳምንታት ውስጥ ባዶ ቀሩ፤ ስካይላይትና ግዮን ሆቴል ከውጭ የሚገቡ መንገደኞች በራሳቸው ወጪ የሚቆዩባቸው ማግለያዎች ሆኑ። የአስቸኳይ ጊዜ አዋጁ ሠራተኛ ማሰናበትን በመከልከሉና ለዘርፉ በዝቅተኛ ወለድ ብድር በመፈቀዱ ብዙ ሰው በመዝገብ ላይ ቆየ። ሰርቪስ ቻርጁን ግን አዋጅ አያቆየውም። ሕንፃ አልፈረሰም፣ ክፍል አልጎደለም፤ የጎደለው የእንግዳ ሌሊት ነው፤ ሥራውን ይዞት የሄደውም እሱ ነው። ከዚያ የሰሜኑ ጦርነት ተከተለ፤ በ2014 ኅዳር ኤምባሲዎች ዜጎቻቸውን ውጡ ሲሉ ያው ነገር ተደገመ። የብር ምንዛሪ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም ለገበያ ሲለቀቅ ደግሞ ዶላር ከ57 ብር አካባቢ ተነስቶ በሳምንታት ውስጥ 100ን አለፈ። በዶላር ክፍል የሚሸጥ ሆቴል በብር የሚያገኘው ጨመረ፤ የሊፍት መለዋወጫውና የውጭ አንሶላውም አብሮ ተወደደ፤ በብር ደመወዝ የተቀጠረችው ሠራተኛ ጤፍና ቤት ኪራይ እየሮጡባት እሷ ባለችበት ቀረች። እዚህም የዳኑት በራሱ ኪስ የሚከፍል የውጭ እንግዳ ያላቸው ናቸው።

ይህ ሁሉ ዛሬ አጣዳፊ የሆነው ግን በአቡሴራ ምክንያት ነው። ከአዲስ አበባ 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀት ላይ፣ ቢሾፍቱ አጠገብ፣ አቡሴራ በተባለው ቦታ የአዲሱ ዓለም አቀፍ አውሮፕላን ማረፊያ ግንባታ በጥር 2018 ዓ.ም ተጀምሯል። የመጀመሪያው ምዕራፍ 60 ሚሊዮን፣ ሲጠናቀቅ 110 ሚሊዮን መንገደኛ በዓመት እንዲያስተናግድ የታቀደ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ2030 ሥራ ይጀምራል ተብሏል። ከንድፉ ውስጥ ለሆቴል ባለቤት የሚበጀው ገጽ ትንሿ ናት፦ ከመንገደኛው 80 በመቶ የሚሆነው ከማረፊያው ሳይወጣ እንደሚያልፍ ታስቦ ተርሚናሉ ውስጥ 350 ክፍል ያለው ሆቴል ተካቷል። ይህ ማለት የቫውቸሩ እንግዳ ቦሌን ከነጭራሹ አያያትም። «ማረፊያው ቢሄድም ከተማው አለ» የሚሉ አሉ፤ ትክክል ናቸው፣ ከተማው አለ። ግን ሆንግ ኮንግም ከተማ ነበረች፤ የቀድሞው አውሮፕላን ማረፊያዋ ካይ ታክ እ.ኤ.አ. በ1998 ሲዘጋ ከተርሚናሉ ጋር በድልድይ ይገናኝ የነበረው ሆቴል የማረፊያ ሆቴልነቱ አብቅቷል፣ የሆቴሉ ኩባንያም ሌላ ሆቴል በአዲሱ ማረፊያ ከፍቷል። ቀጠሮውን የያዘው እንግዳ ወደ ከተማው ገባ፤ የበረራው እንግዳ ከበረራው ጋር ሄደ።

የኢስታንቡል ጉዳይ የበለጠ ይጠቅመናል። የቱርክ አየር መንገድ እ.ኤ.አ. በ2019 ወደ አዲሱ ማረፊያ ከመዞሩ በፊት ጀምሮ ረጅም ጥበቃ ያለውን መንገደኛ በነፃ ከተማ የሚያስጎበኝ፣ ቆይታውን ለሚያራዝም ደግሞ ሆቴል የሚሰጥ አሠራር ነበረው። የአንድ ሌሊቱን እንግዳ የሁለትና የሦስት ማድረግ ማለት ነው። አዲስ አበባ ለዚህ ዓይነቱ እንግዳ የምታሳየው አላጣችም፦ ድንቅነሽ ያለችበት ብሔራዊ ሙዚየም፣ የአንድነት ፓርክ፣ እንጦጦ፣ በ2016 የተከፈተው የዓድዋ ድል መታሰቢያ። ኢትዮጵያን ሆሊደይስ በሚል ስም አየር መንገዱ የጉብኝት ጥቅል ይሸጣል። የጎደለው የቦሌ የግል ሆቴሎች በዚህ ሥራ ባለቤት ሆነው መግባታቸው ነው፤ እስካሁን ሹትሉ ከማረፊያ ሆቴል፣ ከሆቴል ማረፊያ ብቻ ነው። የሥልጠናውም ሚዛን ከዚህ ጋር መታየት አለበት። በ1961 ዓ.ም የተቋቋመው፣ ዛሬ የቱሪዝም ማሰልጠኛ የሚባለው ኢንስቲትዩት ለአገሪቱ ሆቴሎች ትውልድ አስተናጋጅና ምግብ አብሳይ አፍርቷል። ለፈጣን መቀበልና መሸኘት የሠለጠነ ሰው ግን ቆይታን መሸጥ አይችልም፤ ያ ከተማውን ማወቅ፣ እንግዳን ማናገር፣ ዋጋን መደራደር ይጠይቃል። ምርጦቹም ሠልጥነው ዱባይና ዶሃ ይገባሉ፤ ለመቅረት የሚያበቃቸው ድርሻ ካላገኙ ማንም አይፈርድባቸውም።

«አቡሴራ ገና ነው፣ በኛ አገር ፕሮጀክት በቀኑ አያልቅም» ብሎ የሚጽናና ባለሀብት ይኖራል። ሦስት ዓመት ይዘግይ እንበል። ዛሬ ገርጂ ላይ መሠረት የሚያወጣ ሆቴል ተጠናቆ የሚከፈተው ከአራት ከአምስት ዓመት በኋላ ነው፤ የባንክ ብድሩ ደግሞ ከዚያም ብዙ ይርቃል። የመጀመሪያውን ክፍያ የሚከፍልለት እንግዳ በቦሌ ሊያርፍ ይችላል፤ የመጨረሻውን የሚከፍልለት ግን በቢሾፍቱ ያርፋል። አዲስ አበባ የሚገባው እንዲቆይባት የሚያደርገው ነገር ካገኘ ነው።