ረዳት አዘጋጁ

የቴአትር ማስታወቂያ ስናነብ ዐይናችን መጀመሪያ የሚያርፈው ተዋንያኑ ላይ ነው። ረዳት አዘጋጁ ጋ የሚደርስ አንባቢ ጥቂት ነው። ሀገር ፍቅር ቴአትር ይሁን ሌላ መድረክ፣ ጥናቱ ሲጀመር ግን ያለ እሱ የሚሆን ነገር የለም። ድርሰቱን ይዞ ይቀመጥና ማን ከየት እንደገባ፣ በየትኛው ቃል ላይ እንደተነሣ፣ በትሩን በየትኛው እጁ እንደያዘ በእርሳስ ይመዘግባል። ቃል የጠፋበትን ያስታውሳል፤ የቀረውን ተክቶ ያነባል፤ አዘጋጁ ከሌለ ጥናቱን ይመራል።

ፊልም ላይ ሥራው ሌላ መልክ አለው። ድርሰቱን በትዕይንት ይበታትንና አንድ ቤት ውስጥ የሚቀረጹትን፣ ከታሪኩ መጀመሪያም ይሁኑ ከመጨረሻው፣ በተከታታይ ቀን ያስይዛቸዋል። ማን በስንት ሰዓት ይምጣ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ምን ይለቅ የሚለው የእሱ ራስ ምታት ነው። ፒያሳ መንገድ ላይ ከሆነማ ከወያላ ጋር በጩኸት መወዳደር አለበት።

ይህን ወንበር አንዳንዴ የሚይዘው ተዋናይ የነበረ ሰው ነው። በጀርመን ሲኒማ ሃሪ ቤር በፋስቢንደር ፊልሞች ላይ ተዋናይ ሆኖ ጀምሮ፣ ኋላ የዚያው ዳይሬክተር ረዳት ሆኗል። እኛ ዘንድ ትወናን ከአዘጋጅነት ያጣመሩት ተስፋዬ ገሠሠ አሜሪካ ኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ ተምረው ተመልሰው ሀገር ፍቅርንና ብሔራዊ ቴአትርን በየተራ መርተዋል። ኃይሌ ገሪማ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1967 ቺካጎ የሄደው ትወና ሊማር ነበር፤ ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጡት የአሽከር ሚናዎች አንገሸገሹትና በ1970 ወደ ካሊፎርኒያ ሄዶ ፊልም ማጥናት ያዘ። የረዳትነቱን ደረጃ ዘሎ በቀጥታ ዳይሬክተር የሆነ ሰው ነው ማለት ይቻላል። «ጤዛ»ን ሲሠራ በከፊል ጀርመን ውስጥ ቀርጿል፤ ፊልሙም በ2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማት አግኝቷል።

ተዋናይ ረዳት ሲሆን የሚያተርፈው ግልጽ ነው፤ መድረክ ላይ የቆመ ሰው ምን እንደሚያስፈራው ያውቃል። የሚከብደው የራሱን ሚና ብቻ ነጥሎ የማንበብ ልማዱን መተው ነው። ከሁሉ የሚብሰው ግን «እንዲህ በለው» ብሎ ራሱ ተውኖ የማሳየት ፈተና ነው፤ ለዚህ የተሸነፈ ረዳት መድረኩን በራሱ ቅጂዎች ይሞላዋል። ጎበዙ «እዚህ በር ላይ ለምን ቆምክ?» ብሎ ይጠይቅና ዝም ይላል፤ መልሱን ተዋናዩ በሚቀጥለው ሙከራ ያሳየዋል።