ሰው የማይኖርባት ደሴት ለሐረር ምኗ ናት?

የሐረር ከተማ ከባሕር ወለል 1,800 ሜትር በላይ ከፍ ብላ በደጋ ላይ የተቀመጠች ስለ ሆነች፥ ታሪኳን ከባሕር ጋር አያይዞ የሚያስብ ሰው ብዙ አይደለም። ጀጎልን ያየ እንግዳ ግንቡን፥ በሮቹን፥ መስጊዶቹንና ጠባብ መንገዶቹን አድንቆ ይመለሳል። ነገር ግን የከተማይቱን ያለፈ ዘመን በሚገባ ለመረዳት የሚሻ ሰው፥ ዐይኑን ከግንቡ አሻግሮ፥ ከ250 ኪሎ ሜትር በላይ ርቃ የምትገኘውን አንዲት ትንሽ ደሴት መመልከት ይኖርበታል። ዛሬ ለአንባቢዎቻችን የምናወሳው ስለዚህች ደሴትና ከእርስዋ በስተ ሰሜን ስላለው የባሕር ወሽመጥ ነው። በጽሑፉ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

ደሴቲቱ ሰዓደዲን ትባላለች። ከጥንታዊቱ የዘይላ ወደብ በስተ ሰሜን፥ በኤደን ባሕረ ሰላጤ ውስጥ፥ ከጎረቤቷ ከአይባትና ከሌሎች ጥቃቅን ደሴቶች ጋር ትገኛለች። መሬቷ ዝቅ ያለ፥ ዙሪያዋም በኮራል ድንጋይ የተከበበ ነው። ቋሚ ነዋሪ የላትም፤ በየወቅቱ እየመጡ የሚፈለፍሉባት የባሕር ወፎች ናቸው።

ስሟን ያገኘችው ከወላስማ ሥርወ መንግሥት ገዥ ከሱልጣን ሰዓደዲን ነው። በዚያን ዘመን በደጋው የክርስቲያን መንግሥትና በቆላው የእስላም ሱልጣኖች መካከል የነበረው ጦርነት ለሁለቱም ወገን ከባድ ነበር። መንሥኤውም ሃይማኖት ብቻ ሳይሆን፥ ወደ ባሕር የሚወርደውን የንግድ መንገድ ማን ይያዝ የሚለው ጥያቄ ጭምር ነበር። ሱልጣኑ ድል ሆኖ እስከ ዘይላ ከተሰደደ በኋላ፥ በደሴት ላይ ተከቦና የሚጠጣ ውኃ አጥቶ መገደሉን የግብጹ ታሪክ ጸሐፊ አልማቅሪዚ ይተርካል። የሞተበትን ዓመት አንዳንዶቹ ሊቃውንት 1403፥ ሌሎቹ 1415 ነው ይላሉ።

ስሙ ግን ከሥጋው ጋር አልተቀበረም። ልጆቹ ባሕሩን ተሻግረው በየመን ንጉሥ ዘንድ ተጠጉ፤ ኋላም ተመልሰው መንግሥታቸውን በሐረር አቅራቢያ በምትገኘው በደከር አቋቋሙ። አገሩም «በረ ሰዓደዲን» ተባለ። ይህ «በር» የተባለው ቃል በዐረብኛ የብስ ምድር ማለት ነው እንጂ እንደ አማርኛችን መግቢያ ማለት አይደለም። በ1520 ሱልጣን አቡበከር ኢብን ሙሐመድ መናገሻውን ከደከር ወደ ሐረር አዛወረ። እንግዲህ ሐረር መናገሻ የሆነችለት አገር ይጠራ የነበረው፥ ዛሬ ሰው በማይኖርባት በዚያች ደሴት ስሙ በቀረው ሱልጣን ነበር ማለት ነው። አሚር ኑር በ16ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ጀጎልን በግንብ ሲያጥርም፥ ግንቡ ከተማይቱን ከጠላት ጠበቃት እንጂ ከባሕሩ አልለያትም።

ከደሴቲቱ በስተ ሰሜን ደግሞ፥ ከታጁራ ባሕረ ሰላጤ አፍ ማዶ፥ ባብ ኤል መንደብ የተባለው ወሽመጥ አለ። የስሙ ትርጓሜ የእንባ በር ነው። ስፋቱ በጠባቡ ቦታ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፥ የፔሪም ደሴት ለሁለት ትከፍለዋለች። ከሕንድ የሚመጣ ጨርቅ ወሽመጡን ሳይነካ ዘይላ ይደርስ ነበር። የሐረር ቡና ግን በግመል ዘይላ ወርዶ፥ በሸራ ጀልባ ተጭኖ በቀይ ባሕር ዳር ወዳለችው ወደ ሞካ የሚሻገረው በዚህ በር ነው። ወደ መካ የሚጓዘውም ምእመን እንዲሁ። ከዚህ የተነሣ የሐረር ቡና በዓለም ገበያ ለብዙ ዘመን በሞካ ስም ሲሸጥ ኖረ።

መንገዱ ለእንግዶችም ያው ነበር። እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን በኅዳር 1854 ከዘይላ ተነሥቶ በጥር 1855 ሐረር ገባ። የግብጽ ጦር በ1875 ከተማይቱን ሊይዝ የመጣው ከዘይላ ተነሥቶ ነው። ፈረንሳዊው ባለቅኔ ራምቦም በ1880 በዚሁ መንገድ መጣ። ዳግማዊ ምኒልክ ሐረርን በ1887 ከያዙ በኋላ ግን ዘመኑ ተለወጠ። የዘይላ ባሕር ጥልቀት የሌለው በመሆኑ ትልልቅ መርከቦች ወደ የብሱ ሊጠጉ አይችሉም ነበር። ፈረንሳዮች በጅቡቲ ወደብ አበጁ፤ የምድር ባቡሩም ከዚያ ተነሥቶ በ1902 መጨረሻ ድሬዳዋ ደረሰ። ሐዲዱ በተራራው ምክንያት ወደ ሐረር አልወጣም። ግመሎቹ ከዘይላ መንገድ ቀሩ፤ ዘይላም እየደኸየች ሄደች፤ ሰዓደዲንም ከነጋዴ ዐይን ራቀች።

ታዲያ ይህ ሁሉ ያለፈ ነገር ብቻ ነውን? አይደለም። ባሕሩ ዛሬም የገበያው ጌታ ነው። የኢትዮጵያ የውጭ ንግድ አብዛኛው በጅቡቲ ያልፋል፤ ከአውሮፓ በስዊዝ ቦይ የሚመጣው መርከብም ያንኑ የእንባ በር ሳያቋርጥ ጅቡቲ አይደርስም። ከ2023 መጨረሻ ጀምሮ የየመን ሁቲዎች በመርከቦች ላይ ጥቃት ማድረስ በጀመሩ ጊዜ፥ ብዙ የመርከብ ኩባንያዎች አፍሪካን በደቡብ በኩል መዞር ግድ ሆነባቸው። መንገድ ሲረዝም ኪራይ ይጨምራል፤ ኪራይ ሲጨምር ደግሞ ባሕር አይታ የማታውቅ እናት በገበያ የምትከፍለው ዋጋ ይጨምራል።

ስለዚህ የሐረርን ታሪክ የሚያስተምር መምህር ካርታውን በዘረጋ ጊዜ፥ ጣቱን በጀጎል ላይ ብቻ እንዳያቆም እንመክራለን። በበረሃው ወርዶ ዘይላን፥ ከዘይላ ሰዓደዲንን፥ ከዚያም አልፎ ባብ ኤል መንደብን ያሳይ። ተማሪዎቹም ከተማቸውን ያበለጸጋት ግንቡ ብቻ ሳይሆን መንገዱም ጭምር መሆኑን ያስተውላሉ። መንገድ የያዘ ይለመልማል፤ መንገድ የተለየው፥ እንደ ዘይላ፥ ስሙ ብቻ ይቀራል።